ከፋርማሲው ፌርማታ ወደ ግራ

ሰኞ፣ ጥቅምት 4

ሌላ ሰው ሳይናገርብኝ እኔው ልጻፈው። ከፋርማሲው ፌርማታ ተነስቶ ረድፉን ሁሉ ቆርጦ ወደ ግራ መታጠፍን የጀመርኩት እኔ ነኝ። የመስመራችን ሹፌር ሁሉ «የዲያቆን እጥፋት» ይለዋል። ዲያቆን እኔ ነኝ። ድቁና የለኝም፤ ሞተር ከማስነሳቴ በፊት ስለማማትብ የወጣልኝ ስም ነው።

ፌርማታው በቀኝ ጠርዝ፣ የትራፊክ መብራቱ ሥር ነው ማለት ይቻላል። አውቶቡሱ ደግሞ የሚታጠፈው ወደ ግራ፣ ወደ ሆስፒታሉ ነው። በሕጉ ከሆነ ሰው አውርጄ፣ ፍሬቻ አብርቼ፣ መጀመሪያ መካከለኛውን ረድፍ፣ ቀጥሎ የግራውን ለምኜ መግባት፣ ከዚያም በግራ ረድፍ ቆሜ ተራዬን መጠበቅ አለብኝ። ማን ያስገባል? ስለዚህ ቀይ እስካለ ድረስ በሩን ከፍቼ ፌርማታው ላይ እቆያለሁ። ሊለቅ ሲል እዘጋለሁ። አረንጓዴ ሲሆን ሌላው ማርሽ እስኪያስገባ፣ ከፊት ለፊት የሚመጣውም እስኪነሳ፣ በሁሉም ፊት ቆርጬ አልፋለሁ።

የጀመርኩት ባለቤቴ ሆስፒታል በተኛች ጊዜ ነው። የጥየቃ ሰዓት እየዘጋብኝ። በኋላ የስምሪት ኃላፊው ጠርቶ፣ ከሌሎቹ ቀድመህ የምትደርሰው እንዴት ነው አለኝ። «በእግዚአብሔር እርዳታ» አልኩት። ሳቀና ትከሻዬን መታ አደረገኝ። በሚቀጥለው ወር የመስመሩን ሰዓት በኔ አገባብ ልክ አሳጠረው፤ ለሁሉም ሹፌር። ባለቤቴ አረፈች። እጥፋቱ ግን ልማድ ሆኖ ቀረ። እኔም የፈጣሪን ስም ለመሸፈኛ መጥራቴን ለማንም ሳልናገር፣ ለንስሐ አባቴም ሳልናገር ይኸው እስከ ዛሬ።

ዛሬ ጠዋት ትንሹ እዚያው ቦታ ላይ ሞተረኛ ገጨ።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 5

ትላንት ትንሹ ማን እንደሆነ እንኳ አልጻፍኩም። የባለቤቴ ታናሽ ወንድም ነው። በር ሲገባ ጎንበስ የሚል ሰው ነው፤ እሷ «ትንሹ» ስላለችው ትንሹ ሆኖ ቀረ። አብረን ነው የምንኖረው። ሁለት ወንዶች፣ አንድ ምድጃ። መሪ ያስያዝኩት እኔ ነኝ። ስትሞት «ትንሹን አደራ» ነው ያለችኝ፤ ከዚያ በኋላ የተናገረችው አይሰማም ነበር።

ዋስ ሆኜ ከጣቢያ አስፈታሁት። ቤት ስንደርስ የታጠበውን ሳህን እንደገና ያጥብ ጀመር። ተው ብለው አልሰማኝም። ንዴቴ መጣ፤ ጮህኩበት። ምን ብዬ እንደጮህኩ አላስታውስም፤ ብቻ ስለ ሳህን ነበር።

ሞተረኛው ዳቦ አመላላሽ ነው። በመካከለኛው ረድፍ ቀጥ ብሎ ይሄድ ነበር። ያጠፋው ነገር የለም፤ አረንጓዴ ሲሆን ቶሎ ተነሳ፣ በቃ።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 6

ዛሬም መታሁት።

እጥፋቱን ማለቴ ነው። በሩን ዘጋሁ፣ አረንጓዴ ሆነ፣ እጄ ራሱ አዞረው። መንገዱ ላይ ገና አሸዋ አለ፤ ደሙን የሸፈኑበት። በላዩ ነው የነዳሁት። አብራኝ የምትሠራው ቲኬት ቆራጯ አየችኝ፤ ፊቷን ወደ መስኮት መለሰች።

እጄን ልቁረጠው?

ዓርብ፣ ጥቅምት 8

ዴፖው ውስጥ ሻይ ቤት። ፊቴን ወደ ግድግዳ አዙሬ ተቀምጬ ነበርና አላዩኝም። አንዱ፣ ትንሹ ስፖኪዮ ሳያይ ነው የገባው ይላል። ሌላው፣ የዲያቆን እጥፋት በልክ ነው የሚመታው፣ ትንሽ ዘግይቶ ነው ይላል። ሦስተኛው ደግሞ ጭራሽ ጠረጴዛው ላይ ብርጭቆ እየገፋ እንዴት መመታት እንዳለበት ያሳያቸዋል። ብርጭቆው አውቶቡስ፣ ስኳሩ የቆሙት መኪኖች፣ ማንኪያው ሞተረኛ።

ብድግ ብዬ ስኳሩን ልበትነው ነበር። ግን ብርጭቆውን የገፋበት መንገድ ትክክል ነበር። እኔ እንዳስተማርኩት።

ሒሳብ ሳልከፍል ወጣሁ። አስተናጋጁ እስከ በር ተከተለኝ። አሳፈረኝ።

እሑድ፣ ጥቅምት 10

ከቅዳሴ መልስ። ቆሜ ዋልኩ እንጂ አልጸለይኩም። ልቤ ውስጥ የነበረው የስምሪት ኃላፊው ብቻ ነው። ፌርማታውን እዚያ የተከለ መሐንዲስም ነበረበት። መኪናውን አፍንጫ ለአፍንጫ አጣብቆ አላስገባም የሚለው ባለ ነጭ መኪናም ነበረበት። ሁሉንም አንድ በአንድ ረገምኳቸው፤ በቤቱ ውስጥ ቆሜ። ራሴ ጋ ስደርስ ቅዳሴው አለቀ።

ትንሹ ምሳ ሠርቶ ጠበቀኝ። ጨው ረስቷል። አልነገርኩትም።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 14

እግሩን ቆረጡት። የሞተረኛውን። ከቁርጭምጭሚቱ በላይ።

ቲኬት ቆራጯ ናት የነገረችኝ፤ ከሆስፒታሉ የጽዳት ሠራተኛ ሰምታ። ትንሹ እንዳይሰማ አልኳት። «ጋሼ ዲያቆን፣ እሱ ከኛ በፊት ሰምቷል» አለችኝ። «በየማታው እዚያ በር ላይ ቆሞ ነው የሚያመሸው። ሥራ ፍለጋ ነው ያለህ?»

ከሥራ ከታገደ ወዲህ እንደዚያ ነበር ያለኝ።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 16

ከዛሬ ጀምሮ በሕጉ ነው የምነዳው ብዬ ወጣሁ።

ጠዋት፦ ፍሬቻ አበራሁ። መካከለኛው ረድፍ አንድ ታክሲ አስገባኝ፤ እግዜር ይስጠው። የግራው ረድፍ ግን እንደ ግንብ። መብራቱ ሲለቅ እኔ ግማሽ ገላዬ መካከለኛው ላይ፣ አፍንጫዬ የግራው ላይ ነበር። የክላክስ ዓይነት ሰማሁ። አንድ ሰውዬ መስኮት አውርዶ መንጃ ፈቃዴን በግ ሸጬ እንዳገኘሁት ነገረኝ። ይህም መንገድ ሰው ይገድላል።

ከሰዓት፦ ሌላ ዘዴ። ጭራሽ ላለመታጠፍ ወሰንኩ። ከፌርማታው ቀጥ ብዬ ወደሚቀጥለው መስቀለኛ ሄድኩ። እዚያ ለመግባት በቂ ርቀት አለ። አስቀድሜ በግራ ረድፍ ገባሁ፤ መሐል ላይ ጎማዬን ቀጥ አድርጌ ቆምኩ። አስቀድሞ ጎማ ያዞረ ሰው ከኋላ ቢመቱት የሚወረወረው ፊት ለፊት በሚመጣው ላይ ነው፤ ይህን ለስንት ሠልጣኝ ተናግሬያለሁ። የሚመጡት አለፉ። ዜብራው ላይ ያለችው ሴትዮ ተሻገረች። ታጠፍኩ፣ ከመስመሬ ሳልወጣ። ልቤ አንዴ እንኳ አልደነገጠም። ምን ያህል ዘመን ስደነግጥ እንደኖርኩ ያን ጊዜ ነው ያወቅኩት።

ታዲያ አንድ ፌርማታ ዘለልኩ። አንዲት እናት ዘንቢላቸውን ይዘው ወደ ፊት መጡና፣ አውቶቡሱን ለሽርሽር ከሆነ የያዝከው እኔን መጀመሪያ አውርደኝ አሉኝ። ዘገየሁ። በጣም ዘገየሁ።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 19

ማስጠንቀቂያ ተሰጠኝ፤ በዕድሜዬ የመጀመሪያው። የስምሪት ኃላፊው ራሱ ነው የጠራኝ። ለስላሳ ሰው ነው፣ አይጮህም፤ እሱ ነው የሚያቃጥለኝ። የትንሹ ነገር ልብህን እንደነካው ይገባኛል፣ ሰው ነህ፣ ግን የጊዜ ሰሌዳ ያው ሰሌዳ ነው አለኝ። በዚያ ሰዓት በሕግ መድረስ አይቻልም አልኩት። ፈገግ አለ። «አንተማ ስንት ዓመት ደርሰህበታል!»

ማስጠንቀቂያውን ፈርሜ ወጣሁ።

ሹፌሮቹ ደግሞ ከኋላዬ ስለሚታገዱ ተቆጥተዋል። ዲያቆኑ ጾም ገብቷል ይላሉ፤ ግራ አይበላም።

ዓርብ፣ ጥቅምት 22

አዲስ ሠልጣኝ ሰጡኝ። ትልቅ ሰው ነው፣ ታክሲ ነጂ የነበረ። ግቢ ውስጥ ቆርኬዎቹን፣ የልምምድ ምልክቶቹን፣ ደርድሬ የግራ መታጠፍን አሳየሁት፦ ረድፍህን አስቀድመህ ያዝ፣ ፍሬቻ፣ ስፖኪዮ፣ ቀስ፣ ተራ ስጥ፣ ወደ ራስህ ረድፍ ግባ። ራሱን ነቀነቀ። ከዚያ ወደ መንገድ ስንወጣ ዞሮ «ጋሼ፣ አሁን የግቢውን ነው የምነዳው ወይስ የመንገዱን?» አለኝ።

በቅንነት ነው የጠየቀኝ። ይህን ያህል የታወቀ ነገር ነው ማለት ነው። ውረድ አልኩት። ምን አጠፋሁ ሲል፣ ምንም፣ ውረድ ብቻ። ቆርኬዎቹ መሐል ብቻዬን ተቀምጬ ቆየሁ። አንዱን በእርግጫ መታሁት። ጣቴ አብጧል።

እሑድ፣ ጥቅምት 24

ሆስፒታል ሄድኩ። በሩ ላይ ትንሹ አልነበረም፤ ቀን ስለሆነ ይሆናል። የሞተረኛውን ክፍል ጠይቄ ገባሁ። ድሮ ባለቤቴ ከተኛችበት አንድ ፎቅ ከፍ ይላል፤ ግድግዳው ግን ያው አረንጓዴ ቀለም፣ መስኮቱም ያው የማይዘጋ። ልጁ ተኝቷል። እናቱ ተቀምጣ ብርቱካን ትልጣለች። ማን እንደሆንኩ አልጠየቀችኝም። ወንበር ሰጠችኝ። ከፊትህ ያስታውቃል፣ የሃይማኖት ሰው ነህ፣ ወንድሜ ጸልይለት አለችኝ። ጸለይኩ። አባታችን ሆይን መሐል ላይ ረሳሁት፤ እሷ አስታወሰችኝ።

ከዚያ እንዲህ አለች፦ «ሹፌሩን አልረግመውም። አንድ ረጅም ሰውዬ ማታ ማታ መጥቶ በር ላይ ይቆማል፣ ጥበቃዎቹ እሱ ነው አሉኝ። ዳቦ ያመጣል። አልቀበለውም፣ ግን አልረግመውም። እኔ የምረግመው ይህን ያስተማረውን ነው። ማንም ከእናቱ ሆድ እንዲህ መንዳት ተምሮ አይወጣም።»

ብርቱካኑን ሰጠችኝ። በላሁት። እግዚአብሔር ያውቃል፣ በላሁት።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 27

ነገ የዲሲፕሊን ኮሚቴው የትንሹን ጉዳይ ይሰማል። ትንሹ የሥራ ልብሱን ተቀምቷል። የኔን ግን ይተኩስልኛል። ምስክር ሆኜ ስለተጠራሁ ነው መሰል። ማን አዘዘህ? አልኩት። ኮሌታው ተጨማድዶ ነበር አለ። የሁለታችንን ጥፋት የሚሸፍን ልብስ ቢኖር ኖሮ እሱ ይለብሰው ነበር።

ነገ እናገራለሁ። እዚህ ላይ ጽፌዋለሁ፤ እናገራለሁ።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 28

አልተናገርኩም።

ዓርብ፣ ጥቅምት 29

እንዴት እንደሆነ ልጻፍ። ክፍሉ ጠባብ፣ ሰዎቹ አምስት፣ ውሃው በጠርሙስ። የስምሪት ኃላፊው ደንቡን አነበበ፦ ወደ ግራ የሚታጠፍ አሽከርካሪ የግራውን ረድፍ አስቀድሞ ይይዛል። ድርጅታችን ከዚህ ውጭ አያስተምርም አለ። ከዚያ ወደኔ ዞሮ «አሠልጣኙ አንተ ነህ። እንደዚህ ብለህ አስተምረኸዋል?»

አፌን ከፈትኩ። በባለቤቴ ነፍስ እምላለሁ፣ ከፍቼ ነበር። ትንሹ ቀደመኝ። ቀና ሳይል፣ ጫማውን እያየ፣ «ጋሼ አላስተማረኝም። ከራሴ ነው» አለ። ሁሉም ጻፉ። ኃላፊው እፎይ ሲል አየሁት። አፌን መልሼ ዘጋሁት።

ማን ተናገርልኝ አለው? እኔ ለራሴ የምናገረው አፍ የለኝም? ሽማግሌ ፈሪ አድርጎ ነው የቆጠረኝ። ወደ ቤት ስንመለስ እንደዚያ አልኩት። ቆሞ አየኝ። «እሺ ጋሼ» አለ። ይህ «እሺ» ከስድብ ይብሳል። ማታውን አላናገርኩትም። ጠዋት ጫማዬ ተወልውሎ በር ላይ ጠበቀኝ። እንደገና ነደደኝ። ለምንድነው የማይተወኝ?

ከሥራ አባረሩት። ጉዳዩ ለፍርድ ቤት ሊሄድ ነው። ጉዳዩን የያዘችው የፖሊስ መርማሪ የሁለት ዓመት እስር ነው ብላዋለች፤ «ከራሴ ነው» ስላለ።

እሑድ፣ ኅዳር 1

ንስሐ አባቴ ጋ ሄድኩ። ሁሉንም ነገርኳቸው፤ የፈጣሪን ስም የጠራሁበትንም። ቅጣት ይሰጡኛል፣ ስግደት ያዙኛል ብዬ ጠብቄ ነበር። ልጄ፣ ይህን ለኔ ነው እንዴ የምትነግረኝ? አሉኝ። ይቅር እንዲሉኝ ነበር የሄድኩት። በሩን እያሳዩኝ ባረኩኝ። በቁጣ ወጣሁ። መንገድ ላይ ግን ቁጣው የማን እንደሆነ ጠፋብኝ።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 3

ሌላ ሹፌር ዛሬ ጠዋት እዚያው ቦታ ላይ ሰው ከመግጨት ለጥቂት ዳነ። አንዲት ተማሪ፣ ደብተሯ ብቻ ነው የወደቀው። ከኋላው ነበርኩ፤ አየሁ። ወርዶ አልሰደባትም። ወደኔ ዞረ፤ በመስኮት አውራ ጣቱን አሳየኝ። ሰላምታ ነው።

የኔ እጥፋት። የኔ ሰላምታ።

ሐሙስ፣ ኅዳር 5

መርማሪዋ ደውላለች። የፊታችን ማክሰኞ የአደጋውን ቦታ ትለካለች። ተመሳሳይ አውቶቡስ ይዞ የሚመጣ ሹፌር ከድርጅቱ ጠይቃ፣ ኃላፊው እኔን መድቧል። ጭረት የሌለበት ሹፌራችን ነው ብሎ።

ቲኬት ቆራጯ ሰምታ ሳቀች። «እንግዲህ ጋሼ ዲያቆን፣ ቅዳሴው ባንተ ነው።» ቀጥላ ግን ሳትስቅ፣ ትንሹ ለምን «ከራሴ ነው» እንዳለ ታውቃለህ አይደል? አለችኝ። ስለፈራ ነው አልኳት። ጀርባዋን ሰጠችኝ።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 10

ሆኗል። እንደሆነው እጽፈዋለሁ።

ፖሊሶቹ የመንገዱን ግማሽ ዘጉ። አውቶቡሱን ፌርማታው ላይ አቆምኩ። መርማሪዋ አጭር ሴት ናት፤ በእጇ ጠመኔ። ትንሹ ኮት ለብሶ ዳር ቆሟል፤ የኔ ኮት ነው፣ እጅጌው አጥሮታል። የስምሪት ኃላፊውም መጥቷል። ሞተረኛው የወደቀበት ቦታ በነጭ ክብ ተከቧል።

መርማሪዋ ኃላፊውን ጠየቀችው፤ ከዚህ ፌርማታ ተነስቶ በሕግ ወደ ግራ ረድፍ ገብቶ፣ በሰሌዳችሁ ሰዓት መድረስ ይቻላል? ጎበዝ ሹፌር ይችላል አለ ኃላፊው። እጁን ትከሻዬ ላይ አደረገ፤ የድሮው እጅ፣ የድሮው ቦታ። ይኸው ሰው ስንት ዓመት ሲደርስ ኖሯል፣ ሰሌዳውም የተሠራው በሱ ነው፣ እሱን ጠይቂው አላት።

ወደኔ ዞረች። «እንዴት ነበር የምትደርሰው?»

ያኔ ኃላፊው የጠየቀኝ ያው ጥያቄ። ትንሹ ከዳር ሆኖ ራሱን ወዘወዘ፤ ተው ማለቱ ነው። አፉን ሊከፍት ሲል አየሁትና፣ አንተ ዝም በል አልኩት። እንደዚያ በቁጣ ተናግሬው አላውቅም። ያን ጊዜ ዓይኑን ሳይ በኮሚቴው ፊት የቀደመኝ ለምን እንደነበር ገባኝ። ጅል ነኝ። እሷ አደራ ያለችው እኔን ነበር፤ እኔን ለማዳን ብሎ አደራዋን የጠበቀው ግን እሱ ነው።

ጠመኔውን ከእጇ ወሰድኩ። ከአውቶቡሱ የፊት ጎማ ጀምሬ፣ ጎንበስ ብዬ፣ አስፋልቱ ላይ አሰመርኩ። ከቀኙ ረድፍ ወደ መካከለኛው፣ ከመካከለኛው ወደ ግራው፤ የማቆሚያውን መስመር አልፌ፣ በሁሉም ፊት። መኪኖቹ ባልተዘጋው በኩል ክላክስ እያደረጉ ያልፉ ነበር። ኃላፊው በዝግታ፣ ተው እንጂ፣ ምን ነካህ ይለኛል። ጉልበቴ ያመኛል፤ በጉልበቴ ሄድኩ። መስመሩ በቀጥታ ነጩ ክብ ላይ ደረሰ። አላጠፍኩትም። በመሐሉ አሳልፌ እስከ ሆስፒታሉ መንገድ አፍ ወሰድኩት።

ቀና አልኩ።

«እንደዚህ ነበር የምደርሰው» አልኩ። «ያኔ ይህ ሰው ሲጠይቀኝ በእግዚአብሔር እርዳታ ነው ብዬው ነበር። ዋሽቻለሁ። በዚህ ነው። ሰሌዳውን በዚህ ውሸት ነው የሠራው፤ እኛም ሁላችን በዚህ ውሸት ነው የምንነዳው።»

«ይህኛውንስ ማን ነው ያስተማረው?» አለች፣ ወደ ትንሹ እያመለከተች።

«እኔ።»

የት እንደምፈርም ጠየቅኳት። የአውቶቡሱን ቁልፍ ለኃላፊው ሰጠሁት፤ እጁን አልዘረጋም ነበርና ኮፈኑ ላይ አስቀመጥኩለት። ከዚያ ጠመኔውን መለስኩላት።